በእህቷ ፋንታ

ሐሙስ ዕለት እህቴን ከሰበታ ወደ ሱሉልታ፣ ወደ ባሏ ቤት መለስኳት። አድርሳት ያለኝ አባቴ ነው።

ሚኒባስ ውስጥ ስልኳ ላይ የጃፓን ልቦለድ ታነብ ነበር። አንድ ሰው እየተረጎመ ቴሌግራም ላይ ይለቀዋል። ታሪኩ ሁሌም ያው ነው። ታላቅየዋ ትጠፋለች፣ ታናሽየዋ በእሷ ፋንታ ትዳራለች። ባልየው ጨካኝ ነው ይባላል። በኋላ ግን እህቷን ረስቶ እሷን ይወዳታል።

የእሷም እንደዚያው ነበር። ታላቃችን ሠርጓ ሳምንት ሲቀረው ጠፋች። ካርዱ ተበትኗል፣ ድግሱ ተደግሷል። ኦቦ እያልን የምንጠራቸው የሰፈሩ ሽማግሌ፣ "ቤቱ አይዋረድ፣ ታናሿ ትሂድ" አሉ። ሄደች። የሠርጉ ዕለት ሚዜዎቹ እንዳይገቡ በሩን የያዝኩት እኔ ነበርኩ። ሽቶ ሲረጩብኝ ስቄ ለቀቅኩላቸው።

"ያንቺውስ ስንተኛው ምዕራፍ ላይ ነው የሚለወጠው?" አልኳት።

"የኔው ገና መግቢያው ላይ ነው" ብላ ሳቀች። ወዲያው ከንፈሯን ያዘች። የተሰፋው አልደረቀም ነበር።

ባሏ በር ላይ ቆሞ ጠበቀን። በታላቅ እህቴ ስም ጠራት። ካገባት ጀምሮ እንደዚያ ነው።

"አቤት" አለችው። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ፣ "ሂድ በቃ፣ ትራንስፖርት ሳይጠፋ" አለችኝ።

ሄድኩ።

ከዚህ በኋላ ያለውን ቶሎ ልጻፈው። አመሻሹ ላይ ጎረቤቷ ደወለች። ጭንቅላቷን በዘነዘና ነው የመታት። አንዴ አይደለም። ሆስፒታል ስንደርስ አባቴ ፊቷን አይቶ፣ "እሷ አይደለችም" አለ። ከአንሶላው ሥር እጇን አውጥቼ አሳየሁት። ባሏን ፖሊስ ይዞታል።

በማግስቱ ጠዋት ግቢያችን ውስጥ ድንኳን ተተከለ። አስከሬኗ ገና አልመጣም። ሽማግሌው ጋቢያቸውን ለብሰው መጡ። ከንፈሯ ተሰፍቶ ወደ እኛ የሸሸች ጊዜ፣ "ባል ነው፣ ይለወጣል፣ ትመለስ" ያሉት እሳቸው ናቸው። የመጥረቢያ እጀታ ይዤ መግቢያው ላይ ቆምኩ።

"ጉርባ ኮ፣ ልጄ፣ አሳልፈኝ እንጂ።"

"አላሳልፍም።"

ትከሻዬን ገፋ አደረጉ። አፋቸውን መታሁት። ወደቁ፣ ጋቢያቸው ደም በደም ሆነ። አባቴ ከኋላዬ ጮኸ። አልዞርኩም። ዕድሜዬን በሙሉ አንቱ ስላቸው የኖርኩትን ሰው፣ "ተመለስ!" አልኩት። እግሬን መግቢያው ላይ አስፍቼ ቆምኩ፣ እጀታውንም እንደገና አነሳሁ።