ደብዳቤ የሚሰማውና የማይሰማው ክፍል

ነገሌ ቦረና ውስጥ የሳንባ ነቀርሳ ታማሚዎችን የምከታተል ነርስ በነበርኩበት ጊዜ፣ ከሁሉ በላይ የሚያስቸግረኝ የታማሚዎቼ መሻል ነበር። ሳሉ ለቀቅ፣ ፊታቸው ወዛ ያለ ዕለት "ድኛለሁ" ብለው መድኃኒቱን አቋርጠው ይሄዳሉ። ከሊበን ገጠር የመጣው ወደ ከብቱ፣ የከተማው ወደ ሱቁ። ከወራት በኋላ ብሶባቸው ሲመለሱ የምቀበላቸው እኔው ነኝ።

አንድ ጠዋት ክኒናቸውን ፊቴ እስኪውጡ ስጠብቅ፣ ጎረቤቴ መምህር ያዋሰኝን ልብ ወለድ ገለጥ አድርጌ ሳቄ አመለጠኝ። መጽሐፉ ከዳር እስከ ዳር ደብዳቤ ነው፤ ገጠር የተመደበ ወጣትና ከተማ የቀረች እጮኛው ይጻጻፋሉ። ከታማሚዎቹ አንዷ፣ ገበያው አጠገብ ሱቅ ያላቸው የጉራጌ ሴት፣ "ምን ያስቅሻል ሲስተር? ለኛም አንብቢልን እንጂ" አሉኝ። አነበብኩላቸው። በማግስቱ ሁሉም ከሰዓቱ ቀድመው መጡ። ከዚያ ወዲያ ደንብ ወጣ፤ ክኒኑን የዋጠ አንድ ደብዳቤ ይሰማል።

አማርኛው በደንብ ለማይገባቸው በኦሮምኛ እየመለስኩ ነበር የማነበው። መከራዬን ያበሉኝ ከሊበን የመጡ አንድ ሽማግሌ ናቸው። የመጀመሪያው ደብዳቤ "ውዴ፣ ናፍቆትሽ ገደለኝ" ብሎ ሲጀምር እጃቸውን አነሱ።

"ቆይ። አካም የለም? ናጋ የለም? ሰላምታ የለም? ከብቱ ደህና ነው ወይ ሳይል፣ ቀጥታ ገደለኝ?"

"አባባ፣ ልጅቷ ከብት የላትም።"

"ታዲያ ምኗን ነው የወደደው?"

ክፍሉ በሳቅና በሳል ታመሰ። ከዚያ በኋላ እያንዳንዱን ደብዳቤ በከብት፣ በዝናብና በጎረቤት ሰላምታ መጀመር ግድ ሆነብኝ። ደራሲው ቢሰማኝ ፍርድ ቤት ያቆመኝ ነበር።

ሰው መቅረት ተወ። እኔም በየደረስኩበት "ልብ ወለድ ያድናል" እያልኩ ተኩራራሁ። በዚህ መሀል ኃላፊያችን፣ አንድ ወጣት ጤና መኮንን፣ አዋሳ ስልጠና ቆይቶ ተመለሰ። ይዞት የመጣው ቃል አንድ ነው፤ ማስረጃ።

"ሲስተር፣ ሰው የማይቀረው በንባቡ ነው ለማለት ምን ማስረጃ አለሽ?"

"ይኸው አልቀሩማ!"

"ዝናቡ ስለዘገየስ ቢሆን? አሁን ወደ ከብት የሚያስሮጥ ነገር ስለሌለስ?"

አናደደኝ። ታማሚዎቹን በዕጣ ለሁለት ከፍለን እንድናይ አሰበ። መድኃኒቱ ለሁሉም እኩል ነው፤ አንዱ ክፍል ደብዳቤ ይሰማል፣ ሌላው አይሰማም። ፈቃዳቸውን ሲጠይቅ "ማስረጃ ለማግኘት ነው" ቢላቸው ሽማግሌው ከተቀመጡበት ተነሱ።

"ማስረጃ? ምን ሰርቄ? ቀበሌ ውሰደኝና እዚያ ክሰሰኝ!"

በኦሮምኛ አስረድቼ በስንት ልመና አስቀመጥኳቸው። ዕጣው ሲወጣ ሱቀኛዋ ከሚሰሙት፣ ሽማግሌው ከማይሰሙት ወገን ሆኑ።

ሁለቱን ክፍሎች የሚለየው ስስ የችፑድ ግድግዳ ነው፤ ለበሽታው ሲባል ደግሞ መስኮቱ ሁሉ ክፍት ነው። ማንበብ ስጀምር የማይሰማው ክፍል ሳሉን እንኳ ያፍን ነበር። ሱቀኛዋ ደግሞ "ጮክ በይ ሲስተር፣ ጆሮዬ ከብዷል" ይሉኛል። ጆሯቸው ስለ መክበዱ ከዚያ በፊት ሰምቼ አላውቅም።

አንድ ጠዋት ኃላፊው ሊታዘብ አጠገቤ ቆሟል። የመጽሐፉ ወጣት "ደብዳቤዬ አልደረሰሽ ይሆን? ሌላ እጽፋለሁ" የሚልበት ቦታ ስደርስ ከችፑዱ ወዲያ የሽማግሌው ድምፅ ፈነዳ።

"ኧረ ይኼ ሰው! እዚያ አገር የጭነት መኪና አያልፍም? ተሳፍሮ አይሄድላትም?"

የማይሰማው ክፍል በሙሉ "እውነት ነው!" አለ።

ኃላፊው የሚመዘግብበትን ወረቀት አጠፈ። "በቃ፣ ጥናቱ ሞተ" አለ፤ ሳቁን ግን መያዝ አልቻለም። በሪፖርቱ ላይ "የንባቡ ጥቅም አልታወቀም" ብሎ ስለጻፈ ለብዙ ቀን አኮረፍኩት።

ብዙም ሳይቆይ ዝናቡ ጣለ። ይጠፋሉ ብዬ የሰጋሁላቸው ሽማግሌ ከብታቸውን ለአማቻቸው አደራ ብለው እዚሁ ቆዩ። የጠፉት ሱቀኛዋ ናቸው፤ ስኳር ገብቶ ገበያው ደርቶላቸው ነበር። ከኃላፊው ጋር ክኒን ይዘን ሱቃቸው ሄድን።

"በሞትኩት፣ ዛሬ ልመጣ ነበር" አሉ። ክኒኑን ከስኳሩ ጆንያ ጀርባ ሆነው ዋጡና ወዲያው፣ "እሱስ ምን ጻፈላት?" ሲሉ ጠየቁኝ።

መጽሐፉን አልያዝኩትም። ምን ልበላቸው ብዬ ሳስብ ኃላፊው ጆንያው ላይ ተቀመጠና ያን ጠዋት ያነበብኩትን ደብዳቤ በቃሉ አወረደው፤ አንድ መስመር አልዘለለም። ሴትዮዋ ሚዛናቸውን ትተው አዳመጡ፤ ስኳር ሊገዙ የቆሙትም አብረው። ጨርሶ ሲነሳ፣ "ነገ የልጅቷ መልስ ነው፤ የሚነበበው ግን እኛ ጋ ነው" አላቸው።

ስንመለስ "እሺ፣ አሁንስ?" አልኩት።

"አንድ ሰው ማስረጃ አይሆንም፣ ሲስተር" አለኝ።

በማግስቱ ሴትዮዋ ሱቃቸውን ዘግተው መጡ፤ እስከ መጨረሻው ክኒን ድረስም አልቀሩም።