ከሆለታ የመጣው የሰጎን እንቁላል

ልጅ እያለሁ እጄ የነካው ሁሉ ይሰበር ነበር። ብርጭቆ፣ ሲኒ፣ የጎረቤት መስኮት፣ አንዴማ የራሴን ጥርስ። እናቴ ዕቃ ስታጥብ ከተጠጋኋት «ሲፈን፣ በማርያም ራቂልኝ» ትለኛለች እንጂ አግዢኝ ብላኝ አታውቅም። የሰፈር ልጆችም «ሰባሪት» ነበር የሚሉኝ። እንግዲህ በማስተር ፕላኑ ግርግር ሰሞን፣ የአምቦ መንገድ በተዘጋበት ቀን፣ የሰጎን እንቁላል ከሆለታ ቡራዩ እንድታደርስ አደራ የተጣለባት ይህችው ልጅ ናት። ዛሬም ሳስበው ልቤ ድው ድው ይላል፤ ወዲያው ደግሞ ሳቄ ይመጣል።

ነገሩ የሚጀምረው ከሰንበት ትምህርት ቤት ነው። በዚያ ዓመት ዲያቆን ሰለሞን የሚባል ወጣት መምህር መጣልንና የክርስትና ምልክቶችን ያስተምረን ጀመር። በሮም የስደት ዘመን ክርስቲያኖች በዓሣ ምልክት ይተዋወቁ ነበር ይባላል ብሎ ሲነግረን ክፍሉ እረጭ አለ። አንዱ አቧራው ላይ በእግሩ አንድ ጎባጣ መስመር ይስላል፤ ያኛው ክርስቲያን ከሆነ ሁለተኛውን መስመር ጨምሮ ዓሣውን ይሞላዋል፣ ካልሆነ ምንም ሳይገባው ያልፋል። ከዚያ ቀን ወዲያ ሰፈራችን ዓሣ በዓሣ ሆነ። የድብብቆሽ ቦታችንን በዓሣ እናመለክታለን፣ ሱቅ ስንላክ ደጃፉ ላይ ግማሽ ዓሣ ስለን እንጠብቃለን። ሴቶቹ «እነዚህ ልጆች ምን ነካቸው? ጾም ገባ እንዴ?» እያሉ ይስቁብን ነበር። መልሕቅ የተስፋ ምልክት ነው የተባልን ዕለት ግን ተቸገርን፤ መርከብ አይተን ስለማናውቅ የሳልነው ሁሉ የልብስ መስቀያ መሰለ።

እኔ ከሁሉ የወደድኩት የጉልላቱን ነበር። በቤተ ክርስቲያን አናት፣ በመስቀሉ ዙሪያ ያሉት ነጫጭ እንቁላሎች የሰጎን እንደሆኑ እስከዚያ ቀን አላውቅም፤ አምፖል ይመስሉኝ ነበር። ዲያቆን ሰለሞን እንዳለን፣ የጥንት አባቶች ሰጎን እንቁላሏን የምትፈለፍለው ታቅፋ ሳይሆን ፊት ለፊቱ ቆማ ትክ ብላ በማየት ነው ይላሉ። ለአፍታ ዓይኗን ካነሳች እንቁላሉ ይበላሻል። እግዚአብሔርም ሕዝቡን ሲጠብቅ እንዲሁ ነው። እጄን አውጥቼ «እንቅልፍ አይወስዳትም?» ብዬ ጠየቅኩ። «ሲደክማት ባሏ ይተካታል፤ ተራ ይገባሉ» አለኝ። እንዴት እንደወደድኳት! ያን ቀን ማታ የእናቴን ድንች አስቀምጬ ትክ ብዬ ሳየው እራቴ ቀዘቀዘ።

አባዬ ብረት በያጅ ነበር። የደብራችን አዲስ ሕንጻ ሲያልቅ ጉልላቱን እንዲሠራ የታዘዘው እሱ ነው። ከሠራቸው በሮችና አጥሮች ሁሉ እንደዚያ የኮራበት አልነበረም፤ ማታ ማታ ሳይቀር ተነስቶ በጨርቅ ይወለውለዋል። ንግሡ ሊደርስ አንድ ሳምንት ሲቀረው የመጨረሻውን እንቁላል ሹሉ ብረት ላይ ሰክቶ ብሎኑን ሲያጠብቅ ቀጭ አለ። ተሰነጠቀ። አባዬ ሥራ ሲበላሽበት ይሳደባል፤ ያን ቀን ግን ዝም ብሎ ተቀመጠ። ዝምታው አስፈራኝ። ጉልላት አንዴ ከተሰቀለ ማን ያወርደዋል? አንድ ጫፉ ባዶ ሆኖ ቢወጣ ሰው ቀና ባለ ቁጥር «የበያጁ ጉድለት» እያለ ሊኖር ነው።

ሌላ እንቁላል የሚገኘው አንድ ቦታ ብቻ ነበር። ሆለታ ያሉት የሩቅ ዘመዳችን ኦቦ ቶሎሳ፣ የከባድ መኪና ሹፌር የሆነው ልጃቸው ከቦረና ያመጣላቸው አንድ እንቁላል ነበራቸው። ግን ማን ይሂድ? በዚያ ሰሞን መሬታችን ወደ አዲስ አበባ ሊጠቃለል ነው ተብሎ አገሩ ሁሉ ተነስቷል፤ ትምህርት ቤት ተዘግቷል፤ ወንድ መንገድ ላይ ከታየ የሚያስቆመው ብዙ ነው። የአባዬ እህት ጫልቱ፣ በኦሮምኛ የአባት እህት አዳዳ ስለምትባል እኔም አዳዳ የምላት፣ ነጠላዋን አነሳች። «ሴትና ሕፃን ማን ምን ይለዋል? ይህችን ልጅ ስጡኝ፣ እኔ አመጣዋለሁ» አለች። ልጅ የተባልኩት እኔ ነኝ። ከደስታዬ ብዛት ጫማዬን ግራና ቀኝ አዛውሬ አደረግኩ።

ሄደን ያለ ችግር ደረስን። ኦቦ ቶሎሳ እንቁላሉን ጭድ በተሞላ ትንሽ ባልዲ ውስጥ አድርገው መጡ። አዳዳ ልትቀበላቸው እጇን ዘረጋች፤ እሳቸው ግን አልፈዋት እኔ ጭን ላይ አስቀመጡት። «ዋቅኒ ሀርከ ኬ ሃ ኤቢሱ» አሉኝ፤ እግዚአብሔር እጅሽን ይባርክ ማለታቸው ነው። የኔን እጅ! የአዳዳ ፊት አመድ መሰለ። «አባቴ፣ እርስዎ አያውቋትም እንጂ ይህች ልጅ...» ብላ ጀመረችና ተወችው። ሽማግሌ መርቆ የሰጠውን ከልጅ እጅ መቀማት ነውር ነው። ባልዲው የኔ ሆነ።

ያኔውኑ ቆረጥኩ፦ ቡራዩ እስክደርስ ዓይኔን ከእንቁላሉ ላይ አላነሳም። አዳዳ በነጠላ ልትሸፍነው ስትል «ሰጎኗ መች ትሸፍናለች!» ብዬ ጮህኩባት። ሚኒባሱ ውስጥ አንገቴን ደፍቼ ተቀመጥኩ። አጠገባችን ማቴዎስ የሚባል ከወላይታ የመጣ የግንባታ ሠራተኛ ነበር፤ ነገሩ ገርሞት «ሚጣዬ፣ አሞሻል እንዴ?» አለኝ። ቀና ሳልል ስለ ሰጎኗ፣ ስለ አባዬ፣ ስለ ብሎኑ ሁሉንም ዘረገፍኩለት። «እኔ ጴንጤ ነኝ፤ እኛ ጋ እንኳን እንቁላል ጉልላትም የለም። ግን አደራ አደራ ነው፣ በርቺ» አለኝ።

መናገሻን አልፈን ገፈርሳ ሳንደርስ ሚኒባሱ ቆመ። የተቃጠለ ጎማ ሸተተኝ፤ ረዳቱ «መንገድ ተዘግቷል፣ ውረዱ!» ብሎ ጮኸ። በእግር ጀመርነው። አዳዳ ማጅራቴን በእጇ ይዛ እንደ መኪና መሪ ታዞረኛለች፤ ማቴዎስ ከፊት ከፊት እየሄደ «ድንጋይ አለ፣ በግራ... ቦይ ነው፣ ዝለይ!» ይለኛል። እየዘለልኩ ልቤ በደስታ ሊፈነዳ ነበር። በዙሪያዬ ሰው ይሮጣል፣ ይዘፈናል፣ ይጮሃል፤ ቀና ብዬ ለማየት እንዴት እንዳማረኝ! ግን እንቁላሉ ይበላሻላ።

ከዚያ ብዙ እግሮች ከበቡን። አንድ ድምፅ «ማሊ ኩኒ?» አለ፤ ምንድነው ይሄ? አዳዳ «ሀንቃቁ ጉቺቲ» አለችው፤ የሰጎን እንቁላል ነው። «ዱጋ?» አለ፣ እውነት? ጥላሸት የጠጣ እጅ ወደ ባልዲው ሲገባ አየሁ። ጣቱ እንቁላሉን በቀስታ ዳሰሰውና አንዲት ጥቁር ነጥብ ትቶ ወጣ። አዳዳ የቤተ ክርስቲያን መሆኑን ስትነግረው ወደ ጓደኞቹ ዞሮ መንገድ እንዲለቁልን ጮኸ፤ ለኔ ደግሞ «ሱታ ዴሚ» አለኝ፤ ቀስ ብለሽ ሂጂ። ድምፁ ገና የጎረምሳ ነበር። ፊቱን ባለማየቴ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል፤ በዚያ ሰሞን ከቤታቸው ወጥተው ያልተመለሱ ልጆች እንደነበሩ ያወቅኩት አድጌ ነው።

ገፈርሳ ግድቡ አጠገብ ስንደርስ ከኋላችን የመኪና ድምፅ መጣ፤ ቀጥሎ የሚያደነቁር ፍንዳታ ሰማሁ። ሰው ሁሉ ወደ ባሕር ዛፉ ሮጠ። እኔም ባልዲዬን አቅፌ ሮጥኩ። በዚያ መሀል ማጅራቴ ላይ የነበረው እጅ ጠፋ። አስለቃሽ ጭሱ ዓይኔ ውስጥ ገባ፤ እንደ በርበሬ አቃጠለኝ። እንቁላሉ ሁለት ሆነ፣ ጭጋግ ሆነ፣ ከዚያ ምንም አልታይ አለኝ። ዓይኔ በግድ ተጨፈነ። ያኔ ነው የጮህኩት። ፍንዳታውም ጭሱም አይደለም ያስጮኸኝ፤ ዓይኔን ማንሳቴ ነው። ካላየሁት ልንካው ብዬ ጉንጬን እንቁላሉ ላይ ለጥፌ ተንበረከክኩ፤ ይቀዘቅዝ ነበር። የአባዬ ዝምታ ትዝ አለኝና ይባስ አለቀስኩ።

እጁ ተመልሶ ማጅራቴን ያዘ። አዳዳ ነበረች። ማቴዎስ ከኮዳው ውሃ እያፈሰሰ ፊቴን አጠበልኝ። «ተበላሸ! ዓይኔን አነሳሁ፣ ተበላሸ!» እያልኩ ተንሰቀሰቅኩ። አዳዳ በነጠላዋ ጫፍ አፍንጫዬን ጠራርጋ «ዝም በይ። አንቺ ባታዪው እኔ ሳየው ነበር። ተራ ይገባሉ አላልሽም?» አለችኝ። ወዲያው ሰውነቴ ቀለል አለኝ። ነገሩ እስኪበርድ ባሕር ዛፉ ሥር ስንቀመጥ፣ ማቴዎስን ለመፈተን በጫማዬ አፈሩ ላይ አንድ ጎባጣ መስመር ሳልኩ። ሲሚንቶ የነካው ጫማው መጥቶ ሁለተኛውን መስመር ጨመረ። ዓሣው ሞላ። «ይሄንንማ እኛም ሰንበት ትምህርት ቤት ተምረነዋል!» ብሎ ሳቀ። እኔ የሮም ዘመን ክርስቲያን ያገኘሁ ያህል ዘለልኩ፤ ባልዲውን መያዜን ስለረሳሁ አዳዳ በጩኸት አስቀመጠችኝ።

ቡራዩ መግቢያ ላይ አባዬ ቆሞ ጠበቀን። ባልዲው ውስጥ አየ፣ አማተበ፣ «ሰባሪት! የኔ ሰባሪት!» ብሎ ጮኸና ባልዲውን ይዞ ወደ ብየዳ ቤቱ በሩጫ። እኔን ባለሁበት ትቶኝ! ልከተለው ስል ነው አንገቴ አልቃና ማለቱን ያወቅኩት። እናቴ በሞቀ ቅቤ ብታሸኝም ለውጥ አላመጣም።

በንግሡ ቀን ሕዝቡ ሁሉ፣ እልልታው ሲቀልጥ፣ ጉልላቱ በገመድ ሲወጣ አንጋጦ ያያል፤ እኔ ብቻ የሰው ጫማ አያለሁ። አዳዳ ይህን ስታይ ነጠላዋን ሣሩ ላይ አነጠፈችና በጀርባዬ አስተኛችኝ። እንዲህ ነው ያየሁት፦ በሰው እግር መሀል ተጋድሜ፣ ከሰማዩ ሥር የአባዬ ጉልላት፣ ጫፎቹ ሁሉ ሙሉ። አባዬ ነጥቧን እንዲያጥባት አልፈቀድኩለትም ነበር፤ ከታች አትታይም፣ እኔ ግን የትኛው እንቁላል ላይ እንዳለች አውቃለሁ። ማቴዎስም መጥቶ ከአጥሩ ውጭ ቆሞ ያጨበጭብ ነበር። እንደዚያ ቀን ተደስቼ አላውቅም።

ዛሬ ያ መንገድ ሰፍቷል፤ ፎቁ ፎቁን እየጋረደ ጉልላቱን ለማየት በሁለት ሕንጻ መሀል አንገት ማስገባት ይጠይቃል። ድሮ እኔን ብቻ የያዘኝ የአንገት መድፋት አሁን አገሩን ሁሉ ይዞታል፤ ታክሲ ውስጥ ያለው ሰው በሙሉ ስልኩ ላይ አቀርቅሮ ነው የሚሄደው። የሰንበት ትምህርት ቤቱ ልጆች ምልክቶቹን በቪዲዮ ይማራሉ፤ አቧራም የላቸውም፣ ግቢው ኮብልስቶን ሆኗል። ባለፈው ንግሥ ከአዳዳ ጋር ጥላው ሥር ተቀምጠን ሳለ ነገሩ ትዝ አለኝና «አዳዳ፣ ያን ቀን በዚያ ጭስ ውስጥ እንቁላሉን ባታዪልኝ ኖሮ ምን እሆን ነበር?» አልኳት። አዳዳ እስክታስል ሳቀች። ከዚያ እጇን እንደ ድሮው ማጅራቴ ላይ ጣል አድርጋ፦

«የምን እንቁላል ነው? ከሆለታ ጀምሮ አንዴም አላየሁት። እሱማ ቢሰበርስ ምን ነበረበት፣ ልጄ? እኔ የማየው አንቺን ነበር» አለችኝ።