የድንቅነሽ ስድስት ኩንታል

ድንቅነሽ አራጌ የሒሳብ ጥያቄ ሲሰጣት መጀመሪያ አንድ ቁጥር ትገምታለች። ግምቷን ጥያቄው ውስጥ አስገብታ ታሰላለች፤ ከበዛ ትቀንሳለች፣ ካነሰ ትጨምራለች፣ እስኪገጥም ድረስ ደብተሯን በስርዝ ድልዝ ትሞላለች። መልሷ ብዙ ጊዜ ልክ ነው። መምህር አድማሴ ግን ዜሮ ይሰጧታል።

«ይህ ሒሳብ ሳይሆን ዳበሳ ነው» ይሏታል። «ያልታወቀውን ‹ሀ› በይውና በደንቡ ሥሪው።»

«መልሱን አግኝቼዋለሁ እኮ መምህር። መልሼም ፈትሼዋለሁ።»

«በምን መንገድ አገኘሽው ነው የምልሽ!»

«በራሴ መንገድ።»

ለዚህች መልሷ ሁለት ጊዜ ከክፍል ወጥታለች። መንገዷን ግን አልቀየረችም። ከከላላ በኩል ከጭሰኛ ቤት መጥታ፣ ወሎ ቦረና፣ መካነ ሰላም ከተማ ውስጥ ቤት ተከራይታ፣ በአሥራ ሰባት ዓመቷ ስድስተኛ ክፍል የደረሰች ልጅ ናትና እልህ ያስተማራት ብዙ ነገር ነበር።

በኅዳር 1966 ዓ.ም. ከደሴ አንድ የትምህርት ተቆጣጣሪ መጣ። ያን ሰሞን ከቆላው የተሰደዱ ሰዎች በየገበያው ዳር ወድቀው ነበር፤ በመንግሥት መሥሪያ ቤት ቋንቋ ግን ነገሩ «የዝናብ እጥረት» እንጂ ረሃብ አይባልም። ተቆጣጣሪው ክፍል ገብቶ ከኋላ ተቀመጠ። መምህር አድማሴ ሰሌዳው ላይ ጥያቄ ጻፉ፦ አንድ ገበሬ ከምርቱ ሲሶውን ለባለመሬት፣ አሥረኛውን ለአሥራት ሰጠ፤ ሩቡን ለዘር አስቀመጠ። አሥራ ዘጠኝ ኩንታል ተረፈው። ያመረተው ስንት ነበር?

እጅ የወጣው የድንቅነሽ ብቻ ነው። መምህሩ ትንሽ አመነቱና ጠመኔውን ሰጧት።

«ስድስት ነው እንበል» አለች። «ሲሶው ሁለት። አሥራቱ ስድሳ ኪሎ። ዘሩ አንድ ኩንታል ተኩል። የቀረው አንድ ኩንታል ከዘጠና ኪሎ።»

«ስድስትን ከየት አመጣሽው?» አለ ተቆጣጣሪው። «ጥያቄው ላይ የለም።»

«ዝናብ በጣለበት ዓመት አባቴ ያመረተው ነው ጌታዬ። ከሆነ ቦታ መጀመር አለብኝ።» ፊቷን ወደ ሰሌዳው መለሰች። «የሚፈለገው አሥራ ዘጠኝ ኩንታል ነው፤ እኔ ካስቀረሁት አሥር እጥፍ። ስለዚህ ያ ገበሬ ያመረተው ስድሳ ኩንታል ነው።» ሃያ፣ ስድስት፣ አሥራ አምስት ብላ ቀንሳ አሥራ ዘጠኝ መቅረቱን አሳየች።

በዚህ ብታበቃ ኖሮ ምንም ባልመጣ ነበር። እሷ ግን ጠመኔውን አላስቀመጠችም። ለአባቷ የቀረውን ለሰባቱ ቤተሰባቸው አካፈለችና ሃያ ሰባት ኪሎ ብላ ጻፈች።

«ይህ ላንድ ሰው የዓመት ቀለብ ነው። ዝናብ በዘነበበት ዓመት። እኔ የምጠይቀው፣ ስድሳ ኩንታል የሚያፍስ ጭሰኛ እዚህ ቦረና ውስጥ የት ነው ያለው?»

ተቆጣጣሪው ቆመ። «ይህን ማን ነው ያስጠናሽ?»

«ማንም። ደምረው ይዩት።»

በማግስቱ ቢሮ ተጠርታ፣ ተሳስቻለሁ ብለሽ ፈርሚ ተባለች። በተሰጣት ወረቀት ላይ ያንኑ ስሌት ከላይ እስከ ታች ጽፋ መለሰችላቸው። መምህር አድማሴም ልጅቷ ባለጌ ናት ብለው እንዲመሰክሩ ታዘዙ። ሁልጊዜ ዜሮ ሲሰጧት የኖሩት ሰው ወረቀቱን አንብበው «መንገዱን አልወድላትም፤ መልሷ ግን ልክ ነው» አሉና ሳይፈርሙ ወጡ። ድንቅነሽ ተባረረች፤ እሳቸውም ወር ሳይሞላ ወደ ሌላ ወረዳ ተዛወሩ።

ወላጆቿ ቤት ስትደርስ ወሬው ቀድሟት ባለመሬታቸው ዘንድ ደርሶ ነበር። አባቷ አራጌ ደጃፍ ላይ ቆመው ጠበቋት።

«የተናገርሽው ውስጥ ውሸት አለበት?»

«የለበትም አባዬ።»

«እንግዲያው ምን አንገትሽን ያስደፋሻል? ግቢ።»

ባለመሬቱ ከማሳው ነቀላቸው። በዚያ በጋ በሬያቸውን በረባ ባልረባ ዋጋ ሸጡ፤ ሚያዝያ ላይ አልታየች የምትባለው የሁለት ዓመት ታናሽ እህቷ ሞተች። ድንቅነሽ አላለቀሰችም ይላሉ፤ እሷ ግን አልቅሻለሁ፣ ሰው ፊት አላደረግሁትም እንጂ ትላለች።

መንግሥት ተገለበጠ። የካቲት 67 መሬት ላራሹ ታወጀ፤ የተነቀሉትም ማሳ አገኙ፤ ዘማች ተማሪዎች መጡ፣ የገበሬ ማኅበር ተቋቋመ፣ ማንበብና ማስላት የምትችል ድንቅነሽ ጸሐፊ ሆና ተመረጠች። በዓመቱ ከአውራጃው የመጣ ካድሬ ሰብስቧቸው፣ ሲሶና አሥራት ስለቀሩ ገበሬው ጠግቧል የሚል ሪፖርት እንድትጽፍ አዘዛት።

«ቆይ ልሞክረው» አለች። «ስድስት ኩንታል። ሩቡ ለዘር ሲወጣ አራት ተኩል ይቀራል። ለስድስት ሰው። ሰባት ነበርን። ላንድ ሰው ሰባ አምስት ኪሎ ይደርሳል። ሰው ደግሞ በትንሹ ኩንታል ተኩል ይፈልጋል። ስምንት ቢሆንስ? አይበቃም። አሥር? አይበቃም። አሥራ ሁለት ቢሆን ይበቃል። የምናመርተው ግማሹን ነው፤ ስለዚህ ጠግቧል ብዬ አልጽፍም።»

«የፊውዳል ናፋቂ ነሽ እንዴ?»

«ሲሶውን ስንቃወም አንተ አልነበርክም።»

አሥራ ሁለት ቀን ታሰረች። ሪፖርቱን ሌላ ሰው ጻፈው። ስትፈታ ግን ገበሬዎቹ ዋርካው ሥር ተሰብስበው በጸሐፊነቷ እንድትቀጥል እጅ አወጡ፤ የመጀመሪያውን እጅ ያወጡት አባቷ ሳይሆኑ አንድም ቀን ሰላም ብለዋት የማያውቁ ጎረቤት ነበሩ። ዘርና በሬ የሚጠይቅ ማመልከቻ በእሷ ስሌት ጻፉ። አውራጃው ሦስት ጊዜ መለሰባቸው፤ ሦስቱንም ጊዜ በእግሯ ተመላልሳ እንደገና አስገባች። ለክረምቱ ከጠየቁት ዘር ግማሹ መጣ። በሬ አልመጣም። የመጣውን ዘሩት፤ ድንቅነሽም መስከረም ሲጠባ ስለ በሬው አምስተኛውን ማመልከቻ ይዛ ወጣች።