ሼልቢ ኮቫሪክ አየር ላይ የጠፋችባቸው ዓመታት

ሼልቢ ኮቫሪክ ገና በሃያ ሁለት ዓመቷ ጠዋት ጠዋት ደረጃ የምትወርደው በጎኗ ነበር። ቁርጭምጭሚቶቿ እስኪሟሟቁ ድረስ አይታጠፉላትም። አንድ እጇን ግድግዳው ላይ አድርጋ፣ ወደ ጎን እየረገጠች፣ በየደረጃው ትንፋሿን እየሰበሰበች ትወርዳለች። አባቷ ዱዌን ወጥ ቤት ጠረጴዛው አጠገብ ተቀምጦ ሁልጊዜ ያንኑ ቀልድ ይወረውራል።

«መጣች የቤታችን ባልቴት። ምርኩዝ ላምጣልሽ?»

«ለራስህ አምጣ አባባ፤ አንተም ያለ እርዳታ አትነሳም» ትለዋለች።

እውነቷን ነው። ዕድሜ ልኩን የእህል መኪና ሲነዳ የኖረው የዱዌን ወገብ ከወንበር በተነሳ ቁጥር ያስቃስተዋል። ሁለቱ ቁርስ ላይ እንደ ጡረተኛ ጎረቤታሞች ስለ መገጣጠሚያ ሕመማቸው ያወራሉ።

ነገሩ የተጀመረው ሼልቢ አራት ዓመት ሲሞላት ነው። ማቀዝቀዣው ላይ ወጥታ ትዘላለች፤ ከአባቷ መኪና ጣሪያ ላይ ትዘላለች፤ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሳይቀር በወንበሮቹ መደገፊያ ላይ እጆቿን ዘርግታ ትራመዳለች። እናቷ ጃኒን በሆስፒታል የልብስ ማጠቢያ ክፍል ስለምትሠራ፣ ክንዳቸውን ሰብረው የሚመጡ ልጆችን በየቀኑ ታያለች። መዝለሏ ካልቀረ ፍራሽ ያለበት ቦታ ትዝለል ብላ ሊንከን ከተማ ወደሚገኝ የጂምናስቲክ ማሠልጠኛ ወሰደቻት።

ማሠልጠኛው ቀድሞ የትራክተር መለዋወጫ መጋዘን ነበር። በበጋ እንደ ምድጃ ያቃጥላል፤ በረዶ ሲወርድ ደግሞ ልጆቹ ካልሲ ደርበው ይሠራሉ። የማሠልጠኛው ባለቤትም አሠልጣኝም ሎርና ፔትሪ ትባላለች፤ በወጣትነቷ ራሷም ጂምናስት የነበረች፣ ሁለት ጉልበቶቿ በብረት የተተኩላት፣ አጭርና ቁጡ ሴት ናት። ሼልቢ በመጀመሪያው ቀን ልጆቹ የሚወዛወዙበት አግዳሚ ዘንግ ላይ ተንጠልጥላ አልወርድም አለች። እናቷ ብትለምናት፣ ብትቆጣት፣ እራት ቀዘቀዘ ብትላት አልሰማችም። ሎርና ትንሽ ከተመለከተቻት በኋላ ወደ ጃኒን ዞረች።

«ይህችን ልጅ እኔ ጋ ካመላለስሻት ከእንግዲህ የራስሽ ሕይወት አይኖርሽም። አስቢበት» አለቻት።

ጃኒን ሳቀች። ሎርና ግን አልሳቀችም።

እንደተባለውም ሆነ። ሼልቢ እያደገች ስትሄድ ሕይወታቸው በቤታቸውና በመጋዘኑ መካከል ባለው አውራ ጎዳና ላይ ሆነ። እራቷን መኪና ውስጥ ትበላለች፤ የቤት ሥራዋን መኪና ውስጥ ትሠራለች፤ ፀጉሯን እናቷ ቀይ መብራት ላይ ቆማ ትጎነጉንላታለች። የመዳፏ ቆዳ እየተላጠ፣ እየጠገገ፣ እንደገና እየተላጠ ጠነከረ። እኩዮቿ ዳንስ ቤት ሲሄዱ እሷ በረዶ የተሞላ ባልዲ ውስጥ እግሯን ነክራ ትቀመጣለች። አትጸጸትም ነበር። ከከፍተኛው ዘንግ ለቅቃ፣ አየር ላይ ተገልብጣ፣ መልሳ ዘንጉን የጨበጠችበት ቀን ለእሷ ከየትኛውም ድግስ ይበልጥ ነበር።

በአሥራ አራት ዓመቷ ከአገሪቱ ምርጦች ተርታ ገባች። በአሥራ ስድስት ዓመቷ ለብሔራዊ ቡድን ልምምድ ተጠራች። በአሥራ ስምንት ዓመቷ ደግሞ ወደ ዓለም ሻምፒዮና የሚሄደው ቡድን ውስጥ በተጠባባቂነት ተመዘገበች። የቡድኑን ልብስ ለብሳ፣ ስሟ ያለበት መታወቂያ አንገቷ ላይ አንጠልጥላ፣ ውድድሩን ከተመልካች ወንበር አየችው። የተጎዳ ሰው አልነበረም፤ የታመመ ሰውም አልነበረም። እሷም ዘንጉ እንዳያዳልጥ እጅ ላይ የሚቀባውን ነጭ ዱቄት አንድ ቀን እንኳ ሳትቀባ ተመለሰች።

ትንሿ ከተማቸው ግን በነዳጅ ማደያው ሰሌዳ ላይ ስሟን ጽፋ ጠበቀቻት። ሰዎች መንገድ ላይ እያስቆሙ እንኳን ደስ አለሽ አሏት። አመሰገነች፤ ግን ያልሠራችውን ሥራ ደመወዝ የተቀበለች ያህል አፈረች። የሚቀጥለው ዓመት የግድ የእኔ መሆን አለበት ብላ ቆረጠችና እንደ እብድ ሠራች።

ነገሩ የደረሰው በቀጣዩ ዓመት ጸደይ ላይ፣ በተራ ልምምድ ላይ ነው። ከዘንጉ የምትወርድበት ዝላይ ሁለት ጊዜ መገልበጥ፣ በመሃሉም ሰውነትን ማሽከርከር ነበረበት፤ ከዚያ በፊት ተኝታም ልትሠራው የምትችለው ነገር ነው። ዘንጉን ለቀቀች። ተሽከረከረች። መሃል ላይ ግን ወለሉ ጠፋ። ጣሪያው የት እንዳለ፣ እግሯ ወዴት እንደሚያመለክት፣ ምንም አታውቅም። ፍራሹ ላይ በትከሻዋ ወደቀች። አጥንት አልተሰበረም። ሐኪሙም ደህና ናት አለ። ከዚያ በኋላ ግን ለመሽከርከር በሞከረች ቁጥር ያው ባዶ ነገር መጣ፤ ሰውነቷ አየር ላይ ሆኖ ጭልም ይልባታል።

ሰው ሁሉ መድኃኒት ነበረው። አንዷ ጸልዪ አለቻት፤ አንዱ ሥጋ ጨምሪ አላት። ለእርዳታ የሄደችበት የሌላ ክፍለ ሀገር ታዋቂ አሠልጣኝ ተመልክቷት ሲያበቃ ፍርሃት ነው፣ ፍርሃት ደግሞ በጉልበት ይሰበራል ብሎ አሥር ጊዜ አስዘለላት። ከዚያ ስትመለስ ዘንጉን መንካትም አቃታት። ሎርና አንድ ከሰዓት አጠገቧ ፍራሹ ላይ ቁጭ አለች፤ በእነዚያ ጉልበቶች መሬት ላይ መቀመጥ ለሎርና ቀላል ነገር አልነበረም።

«እውነቱን ንገሪኝ። ፈርተሽ ነው?»

«አይደለም ኮች። ብፈራማ የምፈራው ነገር ይኖር ነበር። ላይ ስሆን የት እንዳለሁ ነው የማላውቀው።»

 «እንግዲያው እንውረድ» አለች ሎርና።

«እስከ የት?»

«እስከምታውቂው ቦታ ድረስ።»

የምታውቀው ቦታ ደግሞ የስድስት ዓመት ሕፃናት ቦታ ሆኖ ተገኘ። ከአገሪቱ ምርጦች አንዷ የነበረችው ሼልቢ ከእነሱ ጋር ተሰልፋ ፍራሽ ላይ ትንከባለል ጀመር። ወደ ፊት መንከባለል፣ ወደ ኋላ መንከባለል፣ መዝለልና መቆም፣ እንደገና መዝለልና ሩብ ዙር ዞሮ መቆም። አንዷ ሕፃን ጥፋት አጥፍታ ተቀጥታ እንደሆነ ጠየቀቻት። ሼልቢ አዎ አለቻት። በዚያ ዓመት ድካሙ ከጡንቻ ድካም የተለየ ነበር፤ ጠዋት ከእንቅልፏ ስትነሳ ቀድሟት ነቅቶ የሚጠብቃት ዓይነት።

አንድ ምሽት ወደ ቤት ሲመለሱ፣ ግራና ቀኙ በቆሎ በሆነው ጎዳና ላይ፣ እናቷ ሬዲዮውን አጠፋች።

«ብትተዪው ማንም አይቆጣሽም» አለች ጃኒን፣ ዓይኗን ከመንገዱ ሳታነሳ።

«አልተውም አልኩሽ እኮ እማ።»

«ሰምቻለሁ። ለእኔ ብለሽ ከሆነ ግን ይቅር። እኔም ደክሞኛል ሼልቢ። በጣም ደክሞኛል።»

ሼልቢ ዞር ብላ እናቷን አየቻት። ከአራት ዓመቷ ጀምሮ እናቷ ከመሪው ኋላ ያለች፣ እንደ መኪናው ወንበር ሁልጊዜ በቦታዋ የምትገኝ ነገር ነበረች። ሴትዮዋ ንጋት ላይ ተነስታ የሆስፒታል አንሶላ ስታጥብ ውላ እንደምትመጣ ታውቃለች፤ ሊደክማት እንደሚችል ግን አስባው አታውቅም። ፊቷ ጋለ።  ቤት ደርሰው መኪናው ሲቆም ከነገ ጀምሮ ራሴ እነዳለሁ አለቻት።

ጃኒን መሪውን እንደያዘች ቀረች። «ታዲያ እኔ ምን ልሠራ ነው?» አለች በመጨረሻ። ደስ ያላት ይሁን የከፋት አያስታውቅም ነበር።

ሼልቢ ብቻዋን መመላለስ ጀመረች። ማንም የማይጠብቃት መሆኑ ሳይረዳት አልቀረም፤ ባይሳካላት ደጅ ላይ መኪና ውስጥ ተቀምጦ ፊቷን የሚያነብ ሰው የለም። ሩብ ዙሩ ግማሽ ዙር ሆነ። ግማሹ፣ ከብዙ ወራት በኋላ፣ ሙሉ ሆነ። ከዚያ በላይ ግን አልሄደም። ያንን የድሮውን ዝላይ መልሳ እንደማታገኘው ሁለቱም አወቁ፤ ሎርናም ሳታስተዛዝን ሌላ ይፈለግ አለች። ሳይሽከረከሩ ሁለት ጊዜ ሰውነትን ዘርግቶ መገልበጥ፣ ተገልብጦም ቀጥ ብሎ መቆምን መረጡ። የቀረውን ጊዜ በሙሉ ዘንጉ ላይ ያለውን ሥራ በማጥራት አሳለፉት።

በሃያ ሁለት ዓመቷ፣ አብዛኞቹ ጓደኞቿ ስፖርቱን ትተው ሲያበቁ፣ በብሔራዊ ሻምፒዮናው ላይ በዘንግ ሁለተኛ ወጣች። ቡድኑን ከሚመርጡት አንዷ ጠርታት ከዘንጉ አወራረድሽ በጣም ይቀላል አለቻት፤ የድሮውን ዝላይ ለመመለስ ፈቃደኛ መሆኗንም ጠየቀቻት። ሼልቢ በዚያ ዕድሜዋ ለባለሥልጣን ተናግራ የማታውቀውን ተናገረች።

«አልመልሰውም። በዚህኛው የት እንዳለሁ አውቃለሁ። በዚያኛው አላውቅም። የማታምኑኝ ከሆነ ሌላ ሰው ውሰዱ።»

ሴትዮዋ ቅር ያላት መሰለች። ስም ዝርዝሩ ሲነበብ ግን ሼልቢ ነበረችበት፤ በዚህ ጊዜ ተጠባባቂ አልነበረችም።

በዓለም ሻምፒዮናው የቡድኖች ፍጻሜ ቀን ጉልበቷ ያለቀ መስሏት ነበር። ዱቄቱን ቀባች፤ ለዳኞቹ እጇን አነሳች፤ ዘለለችና ጨበጠች። ከዚያ በኋላ ያለውን ብዙም አታስታውሰውም፤ ሰውነቷ ሥራውን ያውቃል። የምታስታውሰው መጨረሻውን ነው። ዘንጉን ስትለቅ ጣሪያውን አየች፣ ወለሉን አየች፣ እንደገና ጣሪያውን፣ እንደገና ወለሉን። ሁሉም በየቦታው ነበር። አረፈች፤ አንድ ትንሽ እርምጃ ብቻ ወደ ኋላ ረገጠች። ሎርና ከዳር ሆና በሁለት እጇ አፏን ያዘች።

ቡድኑ ብር አገኘ። ልጆቹ ተቃቅፈው ሲያለቅሱ ሼልቢም አብራ ታቅፋ ነበር፤ በሆዷ ግን የምትቀመጥበት ቦታ ትፈልግ ነበር።

ከተማዋ በእሳት አደጋ መኪና ላይ አቁማ አዞረቻት። ካፊያ ነበር። የቤተ ክርስቲያኑ ሴቶች መሃሉ የፕለም ማርማላታ ያለበትን፣ ከቼክ አገር የመጡ አያቶቻቸው ያወረሷቸውን ዳቦ በትሪ በትሪ ጋግረው አቀረቡ። አንድ ሽማግሌ እጇን ይዘው አሁንስ ኦሊምፒክ ነው አይደል አሏት። አሁንስ መተኛት ነው አለቻቸው። ቀልድ መስሏቸው ሳቁ።

በረዶ መውረድ እንደጀመረ አንድ ቀን የእጅ አንጓዋን በፋሻ እየጠቀለለች ሳለ እጇ ቆመ። ፋሻውን እንደያዘች ወደ ሎርና ሄዳ በቃኝ አለቻት።

«ለዛሬ ነው ወይስ ለሁልጊዜ?»

«ለሁልጊዜ።»

ሎርና ፋሻውን ከእጇ ተቀብላ ኪሷ ከተተችው። ሻምፒዮናው ካለፈ ጀምሮ ይህን ቀን ስትጠብቅ እንደነበር፣ ቀድማ እንዳትነግራት ምላሷን ነክሳ እንደቆየች ነገረቻት። ከዚያ ዞር ብላ አንዷን ሕፃን ክርንሽን ቀጥ አድርጊ ብላ ጮኸችባት፤ ድምፅዋ ግን የወትሮው አልነበረም።

በመጋቢት ሼልቢና እናቷ ወደ ፕላት ወንዝ ሄዱ። በየዓመቱ በዚያ ወር እግረ ረጃጅም ግራጫ ወፎች ወደ ሰሜን ሲያልፉ ማታ ማታ ወንዙ ላይ ያድራሉ። ጃኒን እዚያው አካባቢ ተወልዳ አድጋ አንድ ጊዜ እንኳ አይታቸው አታውቅም፤ ሼልቢ ነበረች የነዳችው። መኪናውን ዳር አቁመው ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ ጠበቁ። ብርዱ ያንዘፈዝፋል። ወፎቹ እየጮሁ ሰማዩን ሞልተው ሲመጡ ሼልቢ ዞር ብላ እናቷን አየች። ጃኒን ጭንቅላቷን መስኮቱ ላይ ጥላ እንቅልፍ ወስዷታል።

«እማ፣ መጡ እኮ» አለቻት ትከሻዋን ነካ አድርጋ።

«እያየሁ ነው» አለች ጃኒን፣ ዓይኗን ሳትገልጥ።

ሼልቢ ኮቷን አውልቃ አለበሰቻትና ብቻዋን ማየት ጀመረች።