ፍራሹ ለሁለት ይበቃል

ከተፈናቃዮች መጠለያ ወጥቼ ባጃጅ ስጠብቅ ፖሊሶች ያዙኝ። ስልኬንና ካሜራዬን ወሰዱ፤ የቀረጽኩበትን ሚሞሪ ካርድ ግን አላገኙትም። መጠለያው ውስጥ ያነጋገርኳት እናት በብርድ ልብሷ ጠርዝ ውስጥ ሰፍታ ደብቃልኝ ነበር። ይህን የምናውቀው እሷና እኔ ብቻ ነበርን።

ደብረ ብርሃን ያስገቡኝ የሴቶች እስር ክፍል ሲሚንቶው ውሃ የተደፋበት ያህል ይቀዘቅዛል። ሆቴል ስትሠራ በስርቆት ተጠርጥራ የገባች አንዲት ወጣት የጋቢዋን ግማሽ አለበሰችኝ።

"ጠጋ በይ ጋዜጠኛ፣ ብርዱ የሙያ ፈቃድ አይጠይቅም።"

ከሰዓት በኋላ አንድ ተከታታይ ፊልም ትተርክልን ነበር። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ባሏን መርዛለች፣ እህቷን አሳስራለች፣ አንድም ቀን አልጸጸታትም። ከአሊዩ አምባ የመጡ አንዲት ነጋዴ እናት ይቆጣሉ።

"መጨረሻዋ ላይ እንኳ ተውበት አታደርግም?"

"ለምን ብላ፣ እማማ? ያማረባት እንዲህ ሆና አይደል!"

እንስቃለን። የምታውቀው ክፍል ሲያልቅባት ተራ በተራ እየፈጠርን እንድንቀጥል አዘዘች። ተራው እኔ ላይ ደረሰ።

"ፖሊስ ሊደርስባት ነው። ጉዷ የተቀረጸበትን ቅጂ የት ትደብቀው?"

የእኔ ሥራ ያየሁትን መጻፍ ነው፤ ፈጥሬ አላውቅም። ሁሉም ሲያዩኝ አፌ ላይ የመጣው ያየሁት ነገር ነበር።

"ብርድ ልብስ ጠርዝ ውስጥ ትስፋው" አልኩ።

አጨበጨቡ። ወጣቷ ግን ሳታጨበጭብ አየችኝ።

በማግስቱ መርማሪው ጠረጴዛ ላይ የመጠለያዋ እናት ብርድ ልብስ ጠርዙ ተቀዶ ተዘርግቶ ነበር።

"ሴትየዋ ከሆነች የሰፋችው፣ ዛሬውኑ እናመጣታለን።"

"እኔ ነኝ። ውሃ ልትቀዳ ስትወጣ ሰፋሁት። እሷ አታውቅም።"

"ስፌቱ የለመደ እጅ ነው።"

"እናቴ ልብስ ሰፊ ነበረች።"

እናቴ መርፌ ስትይዝ አይቻት አላውቅም። ትኩር ብሎ አየኝና ጻፈው። ሴትየዋን አላመጧትም።

ወደ ክፍሉ ስመለስ ወጣቷ አዲስ ፍራሽ ላይ ተቀምጣለች።

"አንቺ ነሽ?"

"አዎ" አለች፣ ድምጿን እንኳ ሳትቀንስ። "ምን አስደነገጠሽ? ጠየቁኝ፣ ነገርኳቸው። ይኸው ፍራሽ ሰጡኝ።"

እማማ "አስተግፊሩላህ" ብለው ፊታቸውን አዞሩ። ወጣቷ ግን ወደ ግድግዳው ተጠግታ ቦታ ለቀቀችልኝ።

"ነይ፣ ለሁለት ይበቃናል።"

ከልቧ ነበር። የከበደኝም እሱ ነው። ጋቢዋን አጥፌ እግሯ ሥር አስቀመጥኩላትና ሲሚንቶው ላይ ተኛሁ።

ሁለታችንም ከተፈታን በኋላ፣ ባለፈው ደብረ ብርሃን መናኸሪያ አገኘችኝ። "ጋዜጠኛ!" ብላ አገላብጣ ሳመችኝ፤ ጤናዬን ጠየቀችኝ፣ ሥራዬን ጠየቀችኝ። አንድ የይቅርታ ቃል ትናገር ይሆናል ብዬ ሚኒባሷ እስኪሞላ አብሬያት ቆምኩ። ልትሳፈር ስትል ሳቀች።

"ያኔ ፍራሹን እምቢ ያልሽው ግን በእልህ ነው፣ አይደል?"

ከዚያ ሲሚንቶ ወዲህ በክረምት ወገቤን ይይዘኛል። አልነገርኳትም።