ማንያዘዋልና የኪኒን ካርዱ

ደባርቅ ከተማ በአንድ ጤና ጣቢያ ካርድ ክፍል ውስጥ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ተቀምጫለሁ። ጤናዬ እባላለሁ፤ በስሜና በመሥሪያ ቤቴ የሚቀልዱብኝ ሞልተዋል፣ ለምጄዋለሁ። ማን ስኳር እንዳለበት፣ ማን ከሚስቱ ተደብቆ እንደሚታከም በመስኮቴ በኩል አውቃለሁ። ምላሰኛ ነሽ ይሉኛል፤ ልክ ናቸው። የሰው ካርድ ግን አውጥቼ አውርቼ አላውቅም ነበር። «ነበር» ማለቴን ልብ በሉልኝ።

ማንያዘዋል በቅሎ ነጂ ነው። የፈረንጅ ጓዝ ጭኖ በሰሜን ተራሮች መንገድ ከደባርቅ ሳንቃ በር፣ ከሳንቃ በር ጊች ይመላለስ ነበር። ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው፤ ቀጭን፣ ጨዋታ አዋቂ። ጭነት አስተሳሰር ላይ የሚስተካከለው አልነበረም፤ እሱ ያሰረው ጓዝ ሳንቃ በር እስኪደርስ ንቅንቅ አይልም። ታዲያ የሚጥል በሽታ ነበረበት። ከልጅነቱ ጀምሮ በዓመት ሁለት ሦስት ጊዜ ይጥለዋል። ይህን የሚያውቁት ሚስቱ እሌኒና የነፍስ አባቱ አባ ወልደ ሩፋኤል ብቻ ነበሩ።

የሚደብቅበት ምክንያት ነበረው። መንገዱ በአንድ በኩል ተራራ፣ በአንድ በኩል ገደል ነው፤ ስለዚህ የበቅሎ ነጂዎቹ ማኅበር ለሚጥለው ሰው የጭነት ተራ አይሰጥም። ክፉ ሕግ አይደለም። ከዓመታት በፊት አንድ ሰው ራሱን ስቶ ከነበቅሎው ገደል ገብቶባቸዋል፤ ሬሳውን ለማውጣት ሁለት ቀን ፈጅቶባቸዋል።

ካርዱን ያወጣው በሁለት ሺህ ሦስት ዓመተ ምሕረት ነው። ኪኒኑ የሚያደነዝዝ፣ ሰውም አላግባብ ሊወስደው የሚችል ስለሆነ ቁጥጥር አለበት። በእኛ ጤና ጣቢያ ካርድ ለሌለው ሰው አንዲት ፍሬ አትወጣም። ለካርዱ ደግሞ ጉርድ ፎቶ፣ የቀበሌ መታወቂያና ሲጥለው ያዩ ሁለት ምስክሮች ያስፈልጋሉ። ሚስቱንና የነፍስ አባቱን ይዞ፣ ገበያ በሌለበት ቀን፣ ጋቢውን እስከ አፍንጫው ተከናንቦ መጣ።

«እትዬ ጤናዬ፣ ይኼ ካርድ የት ነው የሚቀመጥ?»

«እዚሁ፣ መሳቢያዬ ውስጥ።»

«ሌላ ሰው ያየዋል?»

«እኔ ሳለሁ ማንም አያየውም» አልኩት።

ሁለት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን አልጣለውም። ሁለት ዓመት ሙሉ ከወር ወር መጥቶ ኪኒኑን ወስዷል። በሦስተኛው ዓመት ግን የማኅበሩ ሊቀ መንበር ሻረው ልጁን ሊያስከትብ መጥቶ በር ላይ ተገናኙ። የሻረው የእህቱ ልጅ ያንኑ ኪኒን ስለምትወስድ ገና በእጁ የያዘውን ፍሬ ሲያይ አወቀው። ሻረው ጯሂ ሰው አይደለም። ማንያዘዋልን ወደ ዳር ወስዶ «ካርድ ካለህ በሽተኛ ነህ። ከዳንክ ደግሞ ካርዱ ምን ያደርግልሃል?» አለው። ተራውንም ከለከለው።

ማንያዘዋል ጸበል ገባ። ጸበሉን አልንቅም፣ እኔም እጠመቃለሁ። አባ ወልደ ሩፋኤልም ቢሆኑ «ኪኒንህን እየዋጥህ ተጠመቅ ልጄ፣ ሁለቱም የእግዚአብሔር ናቸው» ብለውት ነበር። እሱ ግን ሰባት ቀን ተጠምቆ እሑድ ዕለት በጉባኤ ፊት ቆመና «ድኛለሁ» ብሎ መሰከረ። ሕዝቡ እልል አለ። እኛ አገር በጉባኤ የመሰከረ ሰው ኪኒን ይዞ ከታየ ታቦቱን እንደ ዋሸ ይቆጠራል። ኪኒኑ ሁለት ዓመት እንደ ጠበቀው ረስቶ ነው ወይስ ተራውን ፈልጎ? ሁለቱም ይመስለኛል።

በማግሥቱ መስኮቴ ላይ ሰልፈኛው ሁሉ እያየ ካርዱን ተቀብሎኝ ለሁለት ቀደደው። ሻረው ይህን ሲሰማ ተራውን መለሰለት።

ኪኒኑን በተወ በአምስተኛው ቀን ማንያዘዋል በጓሮ በኩል መጣ። ላብ አጥምቆታል።

«እትዬ ጤናዬ፣ እባክዎ ዐሥር ፍሬ ብቻ። ራሴን እየከበደኝ ነው።»

«ያለ ካርድ አይሆንም። ና፣ አዲስ ካርድ ልክፈትልህ።»

«ታቦቱን ዋሸ እንዲሉኝ?»

«እንግዲያ እንደ ፈቀድክ!» ብዬ በሩን ዘጋሁበት። ተናድጄ ነበር። ካርድ ቀድዶብኛላ! አሁን ሳስበው አፍራለሁ።

ጤና መኮንናችንን ስጠይቀው ፊቱ ተለወጠ። «ይኼን ኪኒን በአንድ ጊዜ ያቆመ ሰው በሽታው ብሶ ነው የሚመለስበት፤ ዛሬ ነገ ሳትይ ፈልጊው» አለኝ። ቤቱ ብሄድ አጣሁት።

በዘጠነኛው ቀን ጠዋት ወደ ሥራ ስሄድ በቅሎዎቹ በሚጫኑበት ሜዳ አለፍኩ። ማንያዘዋል ጭነት ያስራል። ቆሜ አየሁት። ገመዱን እንደያዘ ድንገት ደርቆ ቀረ፤ ዓይኑ ፈጥጧል፣ አፉ ብቻ ምንም ሳይኖርበት ያላምጣል። ዐሥር እስክቆጥር ያህል ነው። ከዚያ ምንም እንዳልሆነ ሰው ማሰሩን ቀጠለ፤ ያችን ቀላል ቋጠሮ ሦስት ጊዜ ፈታና አሰረ። ከእኔ በቀር ያየው የለም። ፈረንጆቹ ጫማቸውን እያጠበቁ ነው። በሁለት ሰዓት ውስጥ ገደሉ ዳር ይደርሳል።

«ሻረው» አልኩ፤ ድምፄ ለራሴም ጮኸብኝ። «ይኼ ሰው አልዳነም። ኪኒኑን ካቆመ ዘጠኝ ቀኑ ነው። አሁን እንኳ ዓይኔ እያየ ያዘው። መንገድ ላይ ይጥለዋል።»

ከአፍ ከወጣ አፋፍ። ሻረው የበቅሎውን ልጓም ከማንያዘዋል እጅ ወስዶ ለቀጣዩ ባለተራ ለድረስ ሰጠው። ማንያዘዋል አልተቆጣም። ቢሰድበኝ በወደድኩ።

«እትዬ ጤናዬ፣ ምን በደልኩዎት?» አለኝና እጁን እያየ ቆመ።

ያንኑ ዕለት ያለ ሁለት ምስክር፣ በራሴ ምስክርነት ብቻ አዲስ ካርድ ከፈትኩለት። እሱ ግን ወደ መስኮቴ ዳግመኛ አልመጣም። «ታቦት የዋሸ» ስለተባለ የሚያበላው ቤት፣ የሚያስጠጋው ጎረቤት አጥቶ ነበርና ከቤት አይወጣም። ኪኒኑን ሦስት ወር እሌኒ ወሰደችለት። በአራተኛው ወር ቀረች። ዐሥራ አንድ ቀን አሳልፋ ስትመጣ ኪኒን አልጠየቀችም።

«አዲ አርቃይ ወርዷል» አለችኝ። «የጭነት መኪና ላይ ጫኝና አውራጅ ሆነ። ጭነቱ ላይ ተቀምጦ ነው የሊማሊሞን ገደል የሚወጣ የሚወርድ።»

«ኪኒኑንስ?»

«ትቶታል። እዚያም ካርድ አውጣ ይሉታል፤ ካርድ ካወጣ ያው ወሬው ይከተለዋል።»

ካርዱን ከመሳቢያዬ አውጥቼ አየሁት። ያዘንኩ መስሏት ልታጽናናኝ እጄን በመስኮቱ በኩል ያዘችኝ።

«አይዘኑ እትዬ ጤናዬ፣ ምስጋና ለአምላክ ነው። እዚያ እንደሚጥለው የሚያውቅ አንድም ሰው የለም።»