ገመዱ ከምንጯ ወዲያ

የልጅ ልጆቼ «እምዬ፣ ከአያታችን ጋር እንዴት ተፋታችሁ?» እያሉ ያዙኝ። እኔ ፊደል አልቆጠርኩም፤ የምትጽፍልኝ ትልቋ ናት። ወዲያ ወዲህ ብል ታገሡኝ።

አያታችሁ ደምበጫ ሌላ ቤት፣ ሌላ ሴት እንዳለው ሰማሁ። ስጠይቀው አልካደም። የተጋባነው በሰማንያ ነው እንጂ አልቆረብንም፤ ስለዚህ ልፍታው አልኩ።

ማርቆስ ፍርድ ቤት የሄድነው በአንድ ሚኒባስ ነው፤ በዚያ ጧት ከአማኑኤል ከተማ ሌላ መኪና አልተገኘም። ጎን ለጎን ተቀምጠን ላየን ሰው ሠርግ የተጠራን እንመስል ነበር። ዳኛዋ ልጄን የምታክል ናት። ሂዱና አስቡበት ብላ ቀጠሮ ሰጠችን። በቀጠሮው ተመለስን፤ የእኔ ሐሳብ ያው ነበር። ፍቺውን ወሰነች፤ ንብረቱን ግን በሽማግሌ ተከፋፈሉ አለችን።

እኔን ያስጨነቀችኝ ምንጯ ናት። ከቤታችን ዝቅ ብሎ፣ ከእርሻው ጠርዝ ትፈልቃለች። ጌሾዬን የማጠጣው፣ ጠላዬን የምጠምቀው በሷ ነው፤ ልጆቼን የማበላው ደግሞ ያን ጠላ ሸጬ።

በእኛ አገር የከፈለ አይመርጥም። አንዱ ገመድ ይዘረጋል፣ ሌላው የወደደውን ያነሣል። ሽማግሌዎቹ ከፋዩ እሱ ነው አሉ። ቤቱን በአንድ ወገን፣ ምንጯን በሌላ ወገን ካደረገ፣ የቱንም ብመርጥ አንዱን ማጣቴ ነው።

ገመዱን እየሳበ ሲወርድ ዓይኔን አልነቀልኩም። ምንጯ ዘንድ ደረሰ፤ አለፋት። ካስማውን ከሷ ወዲያ ተከለ። ቤቱና ምንጯ ባንድ በኩል፣ ሰፊው እርሻና በሬዎቹ በሌላው ሆኑ።

«ይኸው፣ ምረጪ» አለኝ፣ ፊቱን ወደ እርሻው አዙሮ።

«ቤቱን።»

አንዱ ሽማግሌ «አይ አንቺ፣ ይህን የመሰለ መሬት ትተሽ ይችን ጎጆ?» ብለው ሳቁብኝ።

«ጠላ ሲጠማዎት ጎንበስ ብለው ይገቡባታል» አልኳቸው።

ሁሉም ሳቁ። እሱ ብቻ ገመዱን ይጠቀልል ነበር። ልቡ ደምበጫ ሄዶ ምንጯን የረሳት መስሎኝ፣ ስንት ዘመን እንዲያው ዕድሌን አመሰገንኩ።

እሱ ካረፈ በኋላ፣ በተዝካሩ ቀን፣ እኚያው የሳቁብኝ ሽማግሌ አጠገቤ ተቀምጠው ነገሩኝ። መጀመሪያ ከፋይ ሊያደርጉ ያሰቡት እኔን ነበር። እሱ ነው ሽማግሌዎቹን ለብቻቸው ጠርቶ፣ «እኔ ልክፈል። እሷ ቤቱን አትለቅም፤ ምንጯን ከቤቱ ጋር ላድርግላት። እኔ በሕይወት ሳለሁ ግን እንዳትነግሯት» ያላቸው።